የወደብ ፈቃድ ክፍያ፤ የአገልግሎት ዋጋ ነው ወይስ ግብር?

(በማኅበሩ ዓመታዊ ጉባኤ ላይ የተደረገ ንግግር)



አንድ መርከብ ወደብ ሲደርስ በካፒቴኑ ፊት የሚቀርበው የሒሳብ ዝርዝር ረጅም ነው። ለመርከብ መሪው፣ ለጎታች ጀልባው፣ ለመርከብ መጠጊያው፣ ለማራገፊያውና ለማከማቻው እየተባለ ይቀጥልና በመጨረሻ በወደቡ ክልል ለመግባት ወይም ለመሥራት የሚጠየቀው የፈቃድ ክፍያ ይመጣል። ከእነዚህ አብዛኞቹ ጠብ አያስነሡም። ጎታች ጀልባ የጎተተ እንደሆነ ሒሳቡን ይጠይቃል፤ የተጎተተውም ይከፍላል። ክርክር የሚነሣው የወደቡ ባለሥልጣን የሰጠውን ነገር ሳያሳይ፣ ስለ ገባህ፣ ስለ ሠራህ፣ ስላለፍህ ክፈል ብሎ በሚጠይቀው ገንዘብ ላይ ነው።

የክርክሩ ፍሬ ነገር አንድ ነው። የወደብ ባለሥልጣን በአንድ አካል ሁለት ሰው ነው፤ በአንድ በኩል መሬትና መጠጊያ ያለው ባለንብረት፣ በሌላ በኩል ደንብ የሚያወጣና የሚቀጣ ሹም ነው። በባለንብረትነቱ የሚጠይቀው ዋጋ ነው። በሹመቱ የሚጠይቀው ግን ግብር ነው፤ ግብር ደግሞ ከሕግ አውጪው ፈቃድ ውጭ አይጣልም። ክፍያው «ፈቃድ» ስለ ተባለ ዋጋ አይሆንም፤ «ግብር» ስላልተባለም ግብርነቱ አይቀርም። ፍርድ ቤቶች ይህን ለመለየት ስሙን ትተው ሁለት ነገር መመርመርን ለምደዋል፤ ይኸውም ከፋዩ ምን አገኘ? ገንዘቡስ ወዴት ሄደ? የሚሉትን ነው። በዚህ ንግግር የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር መሆናቸው አስቀድሞ ይታወቅ።

ነገሩ ለኢትዮጵያዊ አድማጭ እንግዳ አይደለም። በ19ኛው መቶ ዘመን ከጎንደር ወደ ምጽዋ ሸቀጥ ጭኖ የሚወርድ ነጋዴ በየኬላው እየቆመ ይከፍል ነበር። የኬላው ሹም መንገዱን ከሽፍታ እጠብቃለሁ ሊል ይችላል፤ ይህም አንዳንድ ጊዜ እውነት ነበር። ብዙውን ጊዜ ግን የሚያስከፍለው መተላለፊያው በእጁ ስለ ነበረ ብቻ ነው። ነጋዴው ሌላ መንገድ ቢኖረው ኖሮ ባልከፈለም ነበር። የኬላው ጠባቂና የዛሬው የወደብ ባለሥልጣን የሚያቀርቡት ምክንያት ምን ያህል እንደሚመሳሰል ወደ ኋላ ይታያል።

አሜሪካኖች በ1787 ሕገ መንግሥታቸውን ሲጽፉ በፊታቸው የተደቀነው ይኸው የኬላ ችግር ነበር። ወደብ ያላቸው ግዛቶች ወደብ በሌላቸው ጎረቤቶቻቸው ንግድ ላይ ቀረጥ እየጣሉ ይጠቀሙ ነበር። በኒውዮርክና በፊላደልፊያ መካከል የተቀመጠችውን ኒውጀርሲን ጄምስ ማዲሰን በሁለት ጫፉ ከሚቀዳ በርሜል ጋር አመሳስሏታል። ስለዚህ ማንኛውም ግዛት ከኮንግረስ ሳያስፈቅድ በመርከብ የጭነት አቅም፣ ማለትም በቶን ልክ፣ ቀረጥ እንዳይጥል ተከለከለ። ክልከላው አንድ አጭር ሐረግ ነው፤ ነገር ግን ዛሬ በዓለም ላይ ስለ ወደብ ክፍያ ካሉት የፍርድ ሐሳቦች ከፍተኛውን ክፍል ያፈለቀው ይህ ሐረግ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም።

የመጀመሪያው ዐቢይ ፍርድ በ1867 ተሰጠ። የሉዊዚያና ግዛት ባወጣችው ሕግ የኒው ኦርሊንስ ወደብ ሹማምንት ወደቡ ከሚደርስ ከእያንዳንዱ መርከብ 5 ዶላር እንዲቀበሉ ተፈቅዶላቸው ነበር። ሕጉ በግልጽ እንደሚለው ሹማምንቱ አገልግሎት ቢጠየቁም ባይጠየቁም 5ቱ ዶላር ይከፈላል። አንድ የመርከብ ኩባንያ አልከፍልም ብሎ ነገሩ እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደረሰ። ፍርድ ቤቱም ያለ አገልግሎት የሚወሰድ ገንዘብ በስሙ የሹማምንት ደመወዝ ቢሆንም በግብሩ በመርከብ ላይ የተጣለ ቀረጥ ነው ብሎ ሕጉን ሻረው። ሕጉን የጣለው ራሱ ሕግ አርቃቂው ለገንዘብ ቀናሾቹ እንዲመች ብሎ ያስገባው ሐረግ መሆኑን ልብ ማለት ያሻል። «ቢጠየቁም ባይጠየቁም» የሚለው ባይጻፍ ኖሮ የኩባንያው የማስረጃ ሸክም እጅግ በከበደ ነበር።

ከዚያ በኋላ ወደቦቹ ብልህ ሆኑ። በ1877 በሚሲሲፒ ወንዝ ዳር ያለችው የኪዮከክ ከተማ ድንጋይ ያነጠፈችውን የመርከብ መጠጊያ ለሚጠቀሙ ጀልባዎች በቶን ልክ ዋጋ ስትጠይቅ ፍርድ ቤቱ ተቀበላት። መለኪያው ቶን መሆኑ ብቻውን ቀረጥ አያደርገውም፤ ትልቅ ጀልባ ትልቅ ቦታ ይይዛልና። ዋናው ነገር ከተማይቱ ገንዘብ ያፈሰሰችበት መጠጊያ መኖሩና ከፋዩም በርግጥ የተጠቀመበት መሆኑ ነው።

እውነተኛው ፈተና የመጣው በ1935 ነው። የአላባማ ግዛት የወደብ ኮሚሽን ወደ ሞቢል ወደብ ከሚገቡ 500 ቶንና ከዚያ በላይ ከሆኑ መርከቦች 7 ዶላር ከ50 ሳንቲም የወደብ አዛዥ ክፍያ ይቀበል ነበር። የመርከብ ኩባንያው ያቀረበው ክርክር በኒው ኦርሊንስ ላይ የረታው ክርክር ራሱ ነበር፤ የወደብ አዛዡን አልጠራሁትም፣ አልረዳኝም፣ መርከቤ ገብታ ወጥታለች፣ ስለ ምን እከፍላለሁ? የሚል ነው። ፍርድ ቤቱ ግን ኮሚሽኑን ረታ። የወደብ አዛዡ የመርከቦችን አገባብና አወጣጥ ስለሚቈጣጠር፣ መተላለፊያው እንዳይዘጋና መርከብ ከመርከብ እንዳይጋጭ ስለሚጠብቅ፣ ያልጠራውም መርከብ ቢሆን ከዚህ ሥርዓት ተጠቃሚ ነው አለ። ጥበቃ የሚታየው በጐደለ ጊዜ ነው፤ ስላልታየ ግን የለም አይባልም ማለት ነው።

ይህ ፍርድ ትክክል ነው፤ ነገር ግን አደገኛ ነው። ትክክል የሆነበት ምክንያት ሥርዓት ያለው ወደብ ለሁሉም ስለሚጠቅም ነው። አደገኛ የሆነበት ምክንያት ደግሞ ከዚያ ጊዜ ጀምሮ ማንኛውም ባለሥልጣን የተለየ አገልግሎት ማሳየት ሲያቅተው ሥርዓት አስከብራለሁ የማለት በር ስለ ተከፈተለት ነው። ከላይ የተጠቀሰው የኬላ ሹምም ይህንኑ ይል ነበር። በሞቢል ጉዳይ በሩን ጠባብ ያደረገው የገንዘቡ ትንሽነት ነው፤ 7 ዶላር ከ50 ሳንቲም ከጥበቃው ወጪ ጋር ሲመዘን የሚያስገርም አልነበረም። ገንዘቡ ሲበዛ ግን ስለ ሥርዓት የሚደረገው ንግግር ብቻውን አይበቃም፤ የሒሳብ መዝገብ መውጣት አለበት።

መዝገቡ የወጣበት ጉዳይ የብሪጅፖርት ነው። በኮኔቲከት ግዛት ካለችው ከብሪጅፖርት ከተማ በሎንግ አይላንድ የባሕር ወሽመጥ አሻግሮ በኒውዮርክ ግዛት እስካለችው ፖርት ጀፈርሰን ድረስ የሚመላለስ አሻጋሪ መርከብ አለ። ኩባንያው በ1883 የተቋቋመ ሲሆን ከመሥራቾቹ አንዱ በሰርከስ ትርኢቱ የታወቀው ፒ. ቲ. ባርነም ነበር። የብሪጅፖርት ወደብ ባለሥልጣን ግን የተቋቋመው ከመቶ ዓመት በላይ ቈይቶ በ1993 ነው። ባለሥልጣኑ በአሻጋሪው መርከብ በሚጓዙ ሰዎችና ተሽከርካሪዎች ላይ የመጠጊያ ክፍያ ጣለ፤ ገንዘቡን ከቲኬት ጋር እየሰበሰበ የሚያስገባውም ኩባንያው ራሱ እንዲሆን ተደረገ። ኩባንያውና ጥቂት መንገደኞች በ2003 ፌዴራል ፍርድ ቤት ቀረቡ።

በዚያ ጊዜ መለኪያው ተዘጋጅቶ ነበር። በ1972 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ስለ አውሮፕላን ማረፊያ ክፍያ በሰጠው ፍርድ፣ የተሳፋሪ ክፍያ የሚጸናው አጠቃቀሙን በመጠኑም ቢሆን በትክክል ሲከተል፣ ከተሰጠው ጥቅም ሲመዛዘን ሳይበዛና በግዛቶች መካከል ያለውን ንግድ ሳያዳላ ሲቀር መሆኑን ደንግጎ ነበር። ስለዚህ በብሪጅፖርት የቀረው ሥራ ሒሳብ ነበር። ሒሳቡም ሲመረመር ከመንገደኞቹ የሚሰበሰበው ገንዘብ የባለሥልጣኑን የሥራ ማስኬጃ በጀት አብዛኛውን ክፍል የሚሸፍን ሆኖ ተገኘ። መጠጊያውንና የመንገደኞቹን ደኅንነት ከሚመለከተው ወጪ ባሻገር ገንዘቡ ከአሻጋሪው መርከብ ጋር ግንኙነት ለሌላቸው የወደብ ልማት ሥራዎችም ውሏል። የባለሥልጣኑ ጠበቆች ወደቡ ሲለማ ሁሉም ይጠቀማል ብለው ተከራከሩ። ፍርድ ቤቱ ግን አንድ መንገደኛ ለከተማው ሕዝብ በጠቅላላው የሚሰጠውን ጥቅም ወጪ ብቻውን የመሸከም ግዴታ የለበትም፤ ክፍያው የሚደግፈው ሥራ መንገደኛው ከሚጠቀምበት ተቋም ጋር የሥራ ግንኙነት ሊኖረው ይገባል ብሎ በ2008 ክፍያው ሕገ መንግሥቱን የሚጥስ መሆኑን ወሰነ። ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤትም በ2009 ውሳኔውን አጸናው።

በዚህ ጉዳይ የተነካው ነገር ከጥቂት ሳንቲሞች የሚበልጥ ነበር። አንድ መሥሪያ ቤት ለመኖር የሚያስፈልገውን ገንዘብ ከምክር ቤት በጀት ጠይቆ ማግኘት ሲከብደው፣ እንቢ ለማለት አቅም ከሌለው መንገደኛ ቲኬት ላይ ማውጣትን መረጠ። ከኒውዮርክ በኩል የሚመጣው መንገደኛ ደግሞ በብሪጅፖርት ከተማ ምክር ቤት ድምፅ የለውም። ከ1867 ጀምሮ የተሰጡትን ፍርዶች የሚያስተሳስራቸው ክር ይህ ነው፤ ክፍያው ሁልጊዜ የሚወድቀው ክፍያውን በሚወስነው ጉባኤ ላይ ወንበር በሌለው ሰው ላይ ነው።

ከብሪጅፖርት በፊት መለኪያን የሚመለከት ሌላ ጥያቄ በ1998 ተወስኖ ነበር። እዚህ ላይ ክፍያውን የጣለው የወደብ ባለሥልጣን ሳይሆን የፌዴራሉ መንግሥት ነው፤ ሆኖም ትምህርቱ ለወደቦች ሁሉ ነው። በ1986 በወጣ ሕግ ለወደቦች ጥገና የሚውል ገንዘብ በጭነት ዋጋ ላይ ተጣለ፤ ልኩም በኋላ ከመቶ 0.125 ሆነ። አንድ የጫማ ኩባንያ ወደ ውጭ የሚላክ ዕቃን ግብር መጣል በሕገ መንግሥቱ የተከለከለ ነው ሲል ከሰሰ፤ መንግሥት ግብር አይደለም፣ የተጠቃሚ ክፍያ ነው ሲል መለሰ። በአንድ ኮንቴይነር የላስቲክ ጫማ፣ በሌላው የሕክምና መሣሪያ ቢጫን ሁለቱም ከወደቡ የሚያገኙት አገልግሎት እኩል ነው፤ በዋጋ መቶኛ ሲሰላ ግን ክፍያቸው እንደ ሰማይና ምድር ይራራቃል። ፍርድ ቤቱም በሙሉ ድምፅ የዕቃው ዋጋ የአገልግሎቱ መለኪያ ሊሆን ስለማይችል ወደ ውጭ በሚላክ ዕቃ ላይ ክፍያው ግብር ነው አለ። በዋጋ መቶኛ የተተመነ የወደብ ክፍያ በእጁ ያለበት የሕግ ባለሙያ ይህን ፍርድ ማንበብ ይገባዋል።

የፈቃድ ውልን በሚመለከት የሎስ አንጀለስ ጉዳይ በአጭሩ ይጠቀስ። ወደቡ በ2008 ከባድ መኪናዎች ኮንቴይነር ለመጫን እንዲገቡ ከፈለጉ ከወደቡ ጋር የፈቃድ ውል እንዲፈራረሙ አስገደደ፤ ከግዴታዎቹም መካከል ምልክት መለጠፍና ከሥራ ውጭ መኪናውን የሚያቆሙበትን ቦታ ማስታወቅ ይገኙበታል። የመኪና ባለንብረቶች ማኅበር ሲከስ፣ ወደቡ ይህ እንደ ማንኛውም ነጋዴ የገባሁት ውል ነው አለ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2013 ተከራካሪው የረሳውን ነገር አነሣ። ፈቃድ የሌለውን መኪና ያስገባ የማራገፊያ ተቋም እስከ 6 ወር እስራት የሚያስቀጣ ወንጀል ይፈጽማል የሚል ደንብ ከውሉ ጀርባ ቆሞ ነበር። ነጋዴ ውል ያፈረሰበትን ሰው ይከሳል እንጂ አያስርም። ስለሆነም በክርክሩ የተነሡት ሁለቱ ግዴታዎች፣ የምልክቱና የማቆሚያው፣ ተሻሩ።

ባሕር ተሻግረን ወደ ሕንድ ስንሄድ ክርክሩ መልኩን ይለውጣል። የቦምቤይ ወደብ ባለአደራዎች ቦርድ በከተማይቱ ሰፊ መሬት የነበረው ባለንብረት ነበር፤ ስለዚህ እዚያ የተነሣው ሙግት ስለ መርከብ ሳይሆን በወደቡ መሬት ላይ ስለሚኖሩና ስለሚነግዱ ሰዎች ኪራይ ነበር። የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1989 በሰጠው ፍርድ ቦርዱ ኪራይ ቢያከራይም የመንግሥት አካልነቱን እንደ ካባ አውልቆ ሊያስቀምጥ አይችልም፤ እንደ ግል ባለርስት የፈለገውን ማድረግ አይፈቀድለትም አለ። በ2004ም ይህንኑ አጽንቶ፣ ቦርዱ ኪራይ ከፍ የማድረግ መብት ቢኖረውም ገበያው የሚችለውን ሁሉ እየጨመቀ መውሰድ እንደሌለበት አስታወቀ። ከአሜሪካው ሐሳብ ይልቅ ይህ ለኢትዮጵያ ጠበቃ የሚቀርብ ይመስላል፤ ምክንያቱም የሚመረኰዘው በግዛቶች ክፍፍል ላይ ሳይሆን በመንግሥት ሥልጣን ልክ ላይ ነው።

በአውሮፓ ደግሞ ጥያቄው የእኩልነት ሆነ። የዴንማርክ ወደቦች በማንኛውም ጭነት ላይ ከሚቀበሉት ክፍያ ሌላ ከውጭ በሚገባ ዕቃ ላይ ከመቶ 40 ጭማሪ ይቀበሉ ነበር። የአውሮፓ ማኅበረሰብ ፍርድ ቤት በሐምሌ 1997 ይህ ጭማሪ ሕገ ወጥ ነው አለ። በዚያው ቀን በተሰጠ ሌላ ፍርድ፣ የጌድሰር ወደብ ባለቤት የሆነው የዴንማርክ የምድር ባቡር ድርጅት ከተወዳዳሪው አሻጋሪ መርከብ ኩባንያ ክፍያ እየተቀበለ የራሱን መርከቦች በነጻ ማስተናገዱ በገበያ የበላይነት ያለ አግባብ መገልገል ሊሆን እንደሚችል ተገለጸ። ወደብ ራሱ የመርከብ ነጋዴ በሆነበት አገር ሁሉ ይህ ፍርድ ሊጠና ይገባዋል።

ከዴንማርኩ ጉዳይ ለሥራ የሚጠቅም አንድ መራራ ነጥብ አለ። ፍርድ ቤቱ ክፍያው ሕገ ወጥ ነው ካለ በኋላ፣ ገንዘቡን ለማስመለስ የሚቀርበው ጥያቄ በአገሩ ሕግ በተወሰነው የ5 ዓመት ይርጋ ሊታገድ እንደሚችልም አረጋገጠ። መብቱ ተገኘ፤ የቈየው ገንዘብ ግን ላይመለስ ይችላል። ያለ አግባብ የተከፈለ ገንዘብ እንዲመለስ የኢትዮጵያ የ1960 የፍትሐ ብሔር ሕግም ይፈቅዳል። ሆኖም በብዙ አገሮች ዕዳ እንደሌለበት እያወቀ በፈቃዱ የከፈለን ሰው ዳኞች በቀላሉ አይሰሙትም። በወደብ ላይ ደግሞ አልከፍልም ማለት ዕቃን ማሳሰር ነው። ስለዚህ ደንበኛው ተቃውሞውን በጽሑፍ አስመዝግቦ፣ ደረሰኙ ላይም ስለ ምን እንደ ከፈለ አስጽፎ እንዲከፍል መምከር የጠበቃ የመጀመሪያ ሥራ ነው።

እስካሁን የተነገረው ሁሉ ከሳሹ በወደቡ አገር ፍርድ ቤት የሚሰማበትን ሁኔታ የሚመለከት ነው። ኢትዮጵያ ግን በ1993 ኤርትራ ነጻ አገር ከሆነች በኋላ ያለ ባሕር በር ቀርታለች፤ በ1998 ጦርነቱ ሲጀመር ከአሰብ የቀረው ንግዷም ወደ ጅቡቲ ዞሯል። ለኢትዮጵያዊው አስመጪ የወደብ ክፍያ በሌላ መንግሥት ግዛት፣ በሌላ መንግሥት ባለሥልጣን የሚወሰን ነው። በዓለም አቀፍ ሕግ ግን የ1867ቱ ሐሳብ ከነነፍሱ ይገኛል። የ1947 የታሪፍና የንግድ ጠቅላላ ስምምነት በአምስተኛው አንቀጽ፣ በመተላለፍ ላይ ባለ ዕቃ ላይ የሚጠየቀው ክፍያ ከማጓጓዣው፣ ከአስተዳደሩ ወጪ ወይም ከተሰጠው አገልግሎት ዋጋ እንዳያልፍ ይደነግጋል። የ1982 የባሕር ሕግ ኮንቬንሽንም በ127ኛው አንቀጽ ለተለየ አገልግሎት ከሚከፈለው በቀር በመተላለፍ ላይ ያለ ዕቃ ቀረጥም ግብርም እንዳይጠየቅበት ይከለክላል።

ሐሳቡ አንድ ሲሆን መድኀኒቱ ግን አንድ አይደለም። የብሪጅፖርቱ መንገደኛ በራሱ ስም ከሶ የባለሥልጣኑን የሒሳብ መዝገብ ማስከፈት ችሏል። በእነዚህ የመንግሥታት ስምምነቶች ላይ የተመሠረተ ክርክር ግን የመንግሥት ለመንግሥት ጉዳይ ነው፤ ነጋዴው ባለጉዳይ ሆኖ በቀጥታ አይቀርብም። ስለዚህ በፍርድ ቤት ሊጠየቅ የማይችለው መዝገብ በድርድር ጠረጴዛ ላይ መጠየቅ አለበት። በታሪፍ ድርድር ላይ የሚቀመጠው የኢትዮጵያ ልዑክ ክፍያው ይቀነስልን ከማለቱ በፊት ይህ ክፍያ የየትኛው አገልግሎት ዋጋ ነው? ብሎ መጠየቁ ይበልጥ ያዋጣል። ቅናሽ ችሮታ ነው፤ ችሮታ ደግሞ በሚቀጥለው ዓመት ሊነሣ ይችላል።

ጥያቄው አገር ውስጥም ገብቷል። ሞጆን የመሰሉት ደረቅ ወደቦች ባሕር ባይነካቸውም ማከማቻና ክፍያ ያለባቸው ወደቦች ናቸው። የ1995ቱ ሕገ መንግሥት በ96ኛው አንቀጽ የፌዴራሉ መንግሥት አካላት ከሚሰጧቸው ፈቃዶችና አገልግሎቶች ጋር የተያያዙ ክፍያዎችን መወሰንንና መሰብሰብን ለፌዴራሉ መንግሥት ሰጥቷል። በኮንቴይነር ላይ የሚሰላው የማከማቻ ኪራይ ቅጣት በሆነ ጊዜ ምን ይባላል? የሚለው ግን በዝርዝር ሊታይ የሚገባው ነው።

በዚህ ረገድ የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1975 ስለ ማድራስ ወደብ የሰጠው ፍርድ መታወቅ አለበት። አስመጪዎቹ ዕቃቸውን በጊዜው ያላወጡት በራሳቸው ቸልተኝነት ሳይሆን የመንግሥት መሥሪያ ቤቶች ለምርመራ ስለ ያዙባቸው ነበር። ቢሆንም ወደቡ ለቈየበት ጊዜ ሁሉ ዲመሬጅ ጠየቀ። ፍርድ ቤቱም ወደቡን ረታ፤ የወደብ ቦታ ጠባብ ነው፣ ዲመሬጅም የተደነገገው ዕቃ ቶሎ እንዲነሣ ነው፣ መዘግየቱ የማን ጥፋት መሆኑን መመርመር የወደቡ ሥራ አይደለም አለ። ለወደቡ አሠራር ሲታሰብ ምክንያቱ የሚገባ ነው። ዕቃው እንዲነሣ ማድረግ የማይችለውን ሰው እንዲያነሣ ለማስገደድ ገንዘብ መጠየቅ ግን የአገልግሎት ዋጋ ለመባል ያስቸግራል። ሠራተኛው ፍተሻውን ሳይጨርስ ያቈየው የሞጆ ኮንቴይነር ባለቤት ነገ ወደ ማኅበሩ አባላት ቢሮ ሲመጣ የሚያቀርበው ጥያቄም ይኸው ነው።